የሃያ ስምንት ቀን ብሎኬት

የጸዳለ ሥራ መስበር ነበር። ጠዋት ጠዋት ከፋብሪካው ግቢ ሦስት ብሎኬት በጋሪ ይመጣላታል። ላይና ታቹን በጂፕሰም ለስና ታስተካክለዋለች። ሲደርቅ ከመጭመቂያው መኪና ሥር ታስገባና ግፊቱን ቀስ በቀስ ትለቅበታለች። የግፊት መለኪያው መርፌ ይወጣል፣ ይወጣል፣ ከዚያ ብሎኬቱ ጧ ብሎ ይሰነጠቃል። መርፌው የደረሰበትን ትጽፍና ስብርባሪውን ጠርጋ ሁለተኛውን ታስገባለች። የሦስቱ አማካይ በስኩዌር ኢንች አንድ ሺህ ፓውንድ መድረስ አለበት፤ አንዳቸውም ቢሆኑ ከስምንት መቶ መውረድ የለባቸውም።

ሙያውን ይዛ የመጣችው ከአገር ቤት ነው። አዲስ አበባ አንድ የሲሚንቶ ፋብሪካ ላቦራቶሪ ውስጥ አራት ዓመት ሠርታለች። ባሏ ይገዙ ለትምህርት ብሎ አሜሪካ ወጥቶ በዚያው ስለቀረ፣ በፈረንጅ 1980 ላይ ዋሽንግተን አጠገብ ያለችው ሲልቨር ስፕሪንግ መጥታ ተቀላቀለችው። እሱ ትምህርቱን አቋርጦ ሆስፒታል ገብቷል። ሥራው በሽተኛ በአልጋ እየገፋ ከክፍል ክፍል ማመላለስ ነው። እሷ ደግሞ ለጊዜው ሆቴል አልጋ ታነጥፋለች። እሑድ እሑድ የሚሄዱበት ጉባኤ ያኔ ሠላሳ ሰው አይሞላም፤ የአንድ የፈረንጅ ቤተ ክርስቲያን ምድር ቤት ተከራይቶ በአማርኛ የሚያመልክ ነበር። ከጉባኤው ሽማግሌዎች አንዱ ጋሽ ንጉሡ ናቸው። አምሳ ዓመት ያለፋቸው፣ ድምፃቸው የማይሰማ፣ ሰው ሲቸገር ግን ቀድመው የሚደርሱ ሰው ናቸው። ቨርጂኒያ ውስጥ አሌክሳንድሪያ በተባለች ከተማ፣ ከባቡር ሐዲዱ አጠገብ ካለው የክራድዊክ ብሎኬት ፋብሪካ የማሽን ክፍል ኃላፊ ሆነው ይሠራሉ።

አንድ እሑድ ከአምልኮ በኋላ ጠሯት።

"ሲሚንቶ ታውቂያለሽ አሉኝ፤ እውነት ነው?"

"አዎ፣ ላቦራቶሪ ነበርኩ። ናሙና እሰብር ነበር።"

"እንግዲያው ነገ ልብስሽን ለብሰሽ ጠብቂኝ፤ እኛም ጋ የሚሰብር ሰው ጠፍቷል።"

በእሳቸው ስቴሽን ዋገን መኪና ቤልትዌይ የሚባለውን የከተማዋን ቀለበት መንገድ ዞራ፣ የዊልሰንን ድልድይ ተሻግራ ሄደች። እንደ ሄደችም ቀረች።

ፋብሪካው ያን ጊዜ አንድ ማሽን፣ አራት ከባድ መኪናና አሥራ አራት ሠራተኛ ብቻ ነበረው። ባለቤቱ ሚስተር ክራድዊክ ቦት ጫማቸውን አጥልቀው ጭቃ ለጭቃ ሲዞሩ የሚውሉ፣ ጆሮአቸው የከበደ ሽማግሌ ነበሩ። "ጸዳለ" ማለት ስላቃታቸው "ሴዲ" አሏት፤ ሰውም ሁሉ ሴዲ አላት። በገባች በሁለተኛ ወሯ አንድ ቀን ሦስቱም ብሎኬቶች ስድስት መቶን ሳያልፉ ተሰነጠቁባት። ውጤቱን ወስዳ አሳየቻቸው። ሽማግሌው ወረቀቱን አይተው ወጡ፤ ፎርክሊፍት ነጂውን ጠሩና የዚያን ቀን ምርት በሙሉ አስፈጩት። ያን ዕለት እቤቷ ስትገባ ለይገዙ፣ "እንደዚህ ያለ ሰው አይቼ አላውቅም፤ የገዛ እጁን ሥራ አስፈጨ እኮ!" አለችው። በ82 ግንባታ ሁሉ ቀጥ ብሎ ሌሎች ፋብሪካዎች ሰው ሲያሰናብቱም ክራድዊክ አንድ ሰው አልቀነሱም። አጥር ቀለም እያስቀቡ፣ ሣር እያሳጨዱ ክፉውን ጊዜ አሳለፏቸው። ጸዳለ ይህን አትረሳም። ሰውየው ክፉ ቢሆኑላት ኖሮ ኋላ የመጣው ነገር ይቀልላት ነበር።

ከዚያ ዘመኑ ተገለበጠ። ከ83 ጀምሮ በዋሽንግተን ዙሪያ መሬት ሁሉ ተቆፈረ ማለት ይቀላል። ትናንት ጫካ የነበረው ዛሬ የተደረደረ ቤት ነው፤ በየመንገዱ መገናኛ የገበያ አዳራሽ፣ በየሜትሮው ጣቢያ አጠገብ ቢሮ ይቆማል። ሁሉም ብሎኬት ይፈልጋል። ክራድዊክ ሁለተኛ ማሽን ተከሉ፣ በዓመቱ ሦስተኛ። ማናሳስ ላይ ሁለተኛ ግቢ ገዙ፤ ፍሬድሪክ ላይ ሦስተኛው ተጀመረ። አራቱ ከባድ መኪና አርባ ሆነ። ስማቸው በቀይ የተጻፈበትን መኪና ሳያዩ ከሲልቨር ስፕሪንግ አሌክሳንድሪያ መድረስ አይቻልም። ጋሽ ንጉሡም በፋብሪካው ማደግ ልክ ከጉባኤው ሰው ማስገባት ያዙ። ኦላናን ፎርክሊፍት ላይ አስቀመጡት፣ ዘገዬን ማደባለቂያው ሚክሰር ላይ። በ85 ከአገር የመጣ ሃያ ሦስት ሰው በእሳቸው ቃል ይሠራ ነበር። ምሳ ሰዓት ላይ ግቢው አማርኛ ብቻ የሚወራበት ይመስላል።

ነገሩ የጀመረው በዚያው ዓመት በጋ ላይ ነው። ድሮ ብሎኬቱ ከማሽን ሲወጣ እንዲጠነክር እንፋሎት ክፍል ገብቶ ያድር ነበር፤ ከዚያም ግቢ ወጥቶ ሳምንት ይቀመጣል። አሁን እንፋሎቱ ወደ ስድስት ሰዓት ወረደ። ሳምንቱም ሦስት ቀን ሆነ፣ ምክንያቱም መኪኖቹ በር ላይ ተሰልፈው ጡሩምባ ይነፋሉ። በዚያ ላይ ከሲሚንቶው ተቀንሶ የከሰል አመድ ይገባ ጀመር። አመድ በራሱ ጉዳት የለውም፤ ጸዳለም ከማንም በላይ ታውቀዋለች። ብሎኬቱ የኋላ ኋላ ይጠነክርበታል። ነገር ግን ዘገምተኛ ነው፤ ቀን ይፈልጋል። ቀን ደግሞ የለም።

ሰባት መቶ አርባ። ስድስት መቶ ዘጠና። ሰባት መቶ አሥራ አምስት። ሦስት ሳምንት ሙሉ እንዲህ ያለ ቁጥር ስትጽፍ ቆይታ፣ ወረቀቶቿን ይዛ ሚስተር ክራድዊክ ቢሮ ገባች። ቢሮው አሁን ምንጣፍ ተነጥፎበታል። ሰውየውም ቦት ጫማቸውን ትተዋል።

"እነዚህ ብሎኬቶች ስንት ቀናቸው ነው?" አሏት ቁጥሩን አይተው።

"ሦስት።"

"አመድ ያለበት ብሎኬት በሦስት ቀን ጉልበት እንደማያወጣ አንቺ ታውቂያለሽ። በሃያ ስምንት ቀኑ ስትሰብሪው ስንት ነው?"

"አንድ ሺህ ሁለት መቶ ይደርሳል።"

"እንግዲያው ብሎኬታችን ጥሩ ነው ማለት ነው።"

"ጥሩ ይሆናል እንጂ ገና ጥሩ አልሆነም" አለች ጸዳለ። "በሦስተኛው ቀን ጭነን እንልከዋለን። በአራተኛው ቀን ግድግዳ ነው፤ በአምስተኛው ሌላ ይጫንበታል።"

በእንግሊዝኛ ስትለው እንዲህ ቀና ብሎ አልወጣላትም። ቃል ጠፋባት፣ በእጇ ደራርባ አሳየች። ክራድዊክ ግን ገብቷቸዋል። በመስኮቱ በኩል የተሰለፉትን መኪኖች ትንሽ ሲያዩ ቆዩ።

"ልክ ነሽ ሴዲ" አሉ በመጨረሻ። "ጨቅላ ብሎኬት መስበር ትርጉም የለውም። ከነገ ጀምሮ ሃያ ስምንት ቀን የሞላቸውን ብቻ ስበሪ።"

ጸዳለ አመስግና ወጣች። ግማሽ መንገድ ላይ ስትደርስ ነው ምን እንደተባለች የገባት። የተለወጠው የሚሸጠው ብሎኬት አልነበረም፤ የሚሰበረው ነበር።

በግቢው ሰሜን ጥግ አንድ ክምር ለብቻው ተቀመጠ፤ ፀሐይ ይመታዋል፣ ዝናብ ያገኘዋል፣ ማንም አይነካውም። ሃያ ስምንት ቀን ሲሞላው ከዚያ ሦስት ሦስት እየተነሳ ይመጣላታል። ቁጥሩ ያማረ ነው። የቢሮው ጸሐፊ በማኅተም ወረቀት ትጽፈዋለች፣ ጸዳለ ትፈርማለች። ወረቀቱ በየጭነቱ ላይ ተያይዞ ወደ ሜሪላንድ፣ ወደ ቨርጂኒያ ይሄዳል። ወረቀቱ ላይ አንድም የተጨመረ ቁጥር አልነበረም። የሚናገረው ግን ማንም ስላልገዛው ብሎኬት ነበር።

መፈረም በጀመረች በሁለተኛው ወር ለጋሽ ንጉሡ ልትነግራቸው ቆረጠች። ከሥራ ሲመለሱ በእሳቸው መኪና አብረው የሚሳፈሩት ሌሎቹ ላንግሊ ፓርክ ወረዱና ሁለቱ ብቻ ቀሩ። የእሷ ሕንፃ በር ላይ መኪናውን ሲያቆሙ አልወርድም ብላ ተቀመጠች።

"ጋሽ ንጉሡ፣ የምፈርመው ወረቀት ውሸት ነው።"

"ቁጥር ትጨምሪያለሽ?"

"አልጨምርም።"

"ታዲያ ምኑ ነው ውሸቱ?"

"እርስዎ ያውቁታል ምኑ እንደሆነ።"

ሞተሩን አጠፉ።

"አውቃለሁ" አሉ። "ኦላና በፎርክሊፍት ሲያነሳው ጠርዙ ይረግፋል። በጣቴ ስፍቀው አሸዋ ይሆናል። በየቀኑ ነው የማየው።"

"ታዲያ ለምን አይነግሯቸውም? እርስዎን ይሰማሉ እኮ።"

"እኔን የሚሰሙኝ ስለማልናገር ነው እህቴ።" እጃቸውን መሪው ላይ አድርገው ወደ ፊት ያዩ ነበር። "ሃያ ሦስት ሰው አስገብቻለሁ። ዘጠኙ ጥገኝነት ጠይቀው መልስ የሚጠብቁ ናቸው። ለኢሚግሬሽን ደብዳቤ የሚጽፉላቸው ክራድዊክ ናቸው። ነገ ብንባረር እነዚህን ልጆች ወዴት እወስዳቸዋለሁ?"

"ግድግዳው ሰው ላይ ቢወድቅስ?"

"እግዚአብሔር ይጠብቃል" አሉ፤ ብለውም እንደ ማፈር አሉ። "እንጸልይበት ጸዳለ። ሌላ ምን አቅም አለኝ?"

በሳምንቱ እሑድ ጸሎት መሩ። ስለ ሥራ ቦታ ሲጸልዩ ድምፃቸው ተቆረጠ፤ ጉባኤው በመንፈስ ተነክተው ነው ብሎ አሜን አለ። ጸዳለ ዓይኗን አልጨፈነችም ነበር።

ሌላም ሞክራለች። ከሥራ ፈቃድ በወሰደችበት ቀን የሕንፃ ግንባታ ለሚቆጣጠር አንድ የመንግሥት ቢሮ ስልክ ደወለች። ይገዙ የምትለውን በወረቀት ጽፎላት ነበር። ያነሳችው ሴት በትሕትና የግንባታውን ፈቃድ ቁጥር ጠየቀቻት።

"አንድ ግንባታ አይደለም፤ ብዙ ነው" አለች ጸዳለ።

"የትኛው ብዙ?"

"ሁሉም።"

ሴትዮዋ ወደ ሌላ ክፍል አስተላለፈቻት፤ እዚያም ሙዚቃ ከፍተው አስጠበቋት፤ ቀጥሎ ያነሳውም ሰው የፈቃድ ቁጥር ጠየቀ። ከዚያ ስሟን ጠየቃት። ስሟን ሲጠይቃት የሃያ ሦስቱ ሰው ፊት በዓይኗ ላይ ሄደ። ስልኩን ዘጋች።

"ምን አሉሽ?" አላት ይገዙ ከሥራ ሲመለስ።

"ቁጥር የለኝም አልኳቸው።"

መጋቢት 86 ላይ ሁለት ቀን ያላቋረጠ ነፋስ ነፈሰ። በሁለተኛው ቀን ይገዙ እራት ላይ ቁጭ ብሎ እጁን ሳይታጠብ ቆየ።

"ዛሬ አንድ ኤልሳልቫዶራዊ ለኤክስሬይ ገፋሁ" አለ። "ግድግዳ ወድቆበት ነው። ላንግሊ ፓርክ አጠገብ የሚሠራ የገበያ አዳራሽ ነው አሉ። እግሩን ብታዪው…"

"የምን ግድግዳ?"

ይገዙ ቀና ብሎ አያት። የምን ግድግዳ እንደሆነ እሱም አያውቅም፤ ግን ለምን እንደጠየቀችው ያን ጊዜ ገባው።

በማግሥቱ ለፋብሪካው አሞኛል ብላ ደውላ በአውቶቡስ ሄደች። ነፋሱ ቆሞ ሰማዩ ጠርቷል። ግንባታው በሽቦ ታጥሯል፤ ረጅሙ ግድግዳ ከወገቡ ተቆርጦ ወደ ውስጥ ተኝቷል። ከአጥሩ ሥር የወጣ አንድ ስብርባሪ አንስታ ጠርዙን በጥፍሯ ፋቀችው። ረገፈ። ግን የተሰበረ ብሎኬት ጠርዝ ሁልጊዜ ይረግፋል፤ ይህ ምንም አያስረዳም። ለመመርመር ሙሉ ብሎኬት ያስፈልጋታል፣ ሦስት። ፍርስራሹ ውስጥ ሙሉ የሆኑ ብዙ ይታያሉ፤ ጫኚ ማሽኑ ግን እያነሳ መኪና ላይ ይከምራቸዋል።

በሩ ላይ የቆመውን ሰው ጠጋ አለችው። "እባክህ፣ ሦስት ብሎኬት ልውሰድ፤ ያልተሰበረ።"

"ለምን?"

ለምን እንደሆነ ብትነግረው ማን ነሽ ይላታል። "ለአትክልቴ" አለች።

"ፍርስራሽ መስጠት አይፈቀድልኝም እመቤት፤ ኢንሹራንስ አለ።"

አጥሩ ላይ ተደግፋ የመጨረሻው መኪና ተጭኖ እስኪወጣ ቆመች። በሳምንቱ በዚያ ስታልፍ ግቢው ተጠርጓል፤ አዲስ ብሎኬት እያወረደ የነበረው ከባድ መኪና በቀይ ክራድዊክ ተጽፎበታል። መርማሪዎቹ ጥፋቱን ለነፋሱ ሰጡት፤ ግድግዳው ሲቆም ደጋፊ እንጨት አልተደረገለትም አሉ። እውነትም አልተደረገለትም ነበር። ስለ ብሎኬቱ የጠየቀ የለም፤ ወረቀት ነበረዋ። የተፈረመበት ወረቀት።

የሰውየው ስም ኤርኔስቶ ነበር፤ ይገዙ አልጋው ላይ ካለው ሰሌዳ አይቶ ነገራት። ቅዳሜ ከቀትር በኋላ ሄደች። አንድ እግሩ በገመድ ተሰቅሏል፤ ደረቱ ታስሯል። ከሠላሳ ዓመት አይበልጥም። እንግሊዝኛ አያውቅም፤ እሷ ስፓኒሽ አታውቅም። አጠገቡ ቆማ በእንግሊዝኛ "አዝናለሁ" አለችው። ያልገባው መሰለ፤ የሆስፒታሉ ሰው መስላው ሳይሆን አይቀርም፣ በአገጩ ወደ መስኮቱ አመለከተ። ፀሐዩ ፊቱ ላይ ነበር። ሄዳ መጋረጃውን ዘጋችለት።

"ግራሲያስ" አላት።

"የፈረምኩት እኔ ነኝ" አለችው በአማርኛ። ለማን እንደምትናገር እሷም አላወቀችም። "የፈረምኩት እኔ ነኝ። ጸዳለ እባላለሁ።"

ሰውየው በደግነት ራሱን ነቀነቀ። ዓይኑን ጨፈነ፤ ደክሞት ነበር።

ሰኞ ዕለት ሚስተር ክራድዊክ ቢሮ ገብታ ከእንግዲህ አልፈርምም አለች። ሽማግሌው አልተቆጡም፤ ይህ ነው የገደላት። ለምን እንደሆነ እንኳ አልጠየቋት። "ደክሞሻል ሴዲ" አሉና ለደንበኛ የሚታይ የባለቀለም ብሎኬት ናሙና የሚዘጋጅበት ክፍል አዛወሯት፤ ደመወዟንም አልነኩባትም። በነጋታው ወረቀቱ እንደወትሮው ተጽፎ ወጣ። ጸዳለ ከጸሐፊዋ ጠረጴዛ ላይ አየችው። ከታች የተፈረመው በጋሽ ንጉሡ እጅ ነበር፤ ቀስ ብሎ በተጻፈ፣ እያንዳንዱ ፊደል በሚነበብ እንግሊዝኛ።

ማታ ከጋሽ ንጉሡ ጋር በመኪናቸው ተመለሱ። ላንግሊ ፓርክ ካለፉ በኋላ እሳቸው፣ "እምቢ ብል ሌላ ይፈርማል፤ ያ ሌላው ደግሞ ከልጆቹ አንዱ ነው የሚሆነው። ዘገዬን ሊጠሩት ነበር" አሉ።

ልትቆጣቸው ፈልጋ ቁጣው አልመጣላትም። "ገብቶኛል ጋሽ ንጉሡ" አለች።

ክራድዊክ በ88 ፋብሪካውን ከነሦስቱ ግቢው ለአንድ ትልቅ ኩባንያ ሸጠው ፍሎሪዳ ገቡ። በሽኝታቸው ቀን የእያንዳንዱን ሰው እጅ ጨበጡ፤ የጸዳለን ግን በሁለት እጃቸው ያዙ። አዲሶቹ ሰዎች ላቦራቶሪውንም ናሙናውንም ማናሳስ ወሰዱት። መኪና የሌላት ጸዳለ በደብዳቤ ተሰናበተች፤ በወሩ የአንድ ትምህርት ቤት ወጥ ቤት ገባች። ጥገኝነት ከጠየቁት ዘጠኝ ልጆች ሰባቱ የመኖሪያ ወረቀታቸውን አገኙ። ጋሽ ንጉሡ ይህን ሲነግሯት አለቀሱ። ኤርኔስቶ በምርኩዝ ከሆስፒታል ወጣ፤ ከዚያ ወዲያ ይገዙም አላየው። ግድግዳው በብሎኬቱ ይውደቅ በነፋሱ፣ ወይም በሁለቱም፣ እስካሁን የሚያውቅ የለም። እሷም አታውቅም።

በ89 ሴት ልጃቸው ሁለት ዓመት ሲሞላት የሚኖሩበት ባለ አንድ ክፍል ቤት ጠበባቸው። ይገዙ አስፐን ሂል ላይ ሁለት መኝታ ያለው ቤት አገኘ፤ ኪራዩም ከአቅማቸው አይወጣም። የምታሳያቸው ሴት፣ "ሕንፃው አዲስ ነው፤ በሰማንያ ስድስት ነው ያለቀው" አለች ደስ ብሏት።

ጸዳለ ከጎረቤት ቤት የሚለየውን ግድግዳ በመዳፏ ነካችው። ብሎኬት ነው፤ ነጭ ቀለም ጠጥቷል።

"እንሂድ" አለችው ይገዙን በአማርኛ።

"ጸዳለ፣ ሦስት ዓመት ቆሟል። እስካሁን ካልወደቀ ጠንክሯል፤ አንቺው ነሽ ያልሽኝ።"

ብላዋለች፤ እውነትም ነው። ሳይጠነክር የተጫነበት ብሎኬት ውስጡ ስንጥቅ ይዞ እንደሚደርቅም ታውቃለች። ይህን ግን አልነገረችውም። ሌላ ቤት እንደሌለ አይታለች፤ ካለም ማን እንደሠራው፣ በየትኛው ወር እንደሠራው ማን ይነግራታል? በዚህ አገር ከ85 ወዲህ የተሠራውን ሁሉ ስትሸሽ አትኖርም።

ቅዳሜ ዕለት ገቡ። የጉባኤው ሰዎች ዕቃ ሊያግዙ መጡ፤ ጋሽ ንጉሡም ፍራሽ ተሸክመው ደረጃ ሲወጡ ትንፋሽ አጥሯቸው ነበር። ይገዙ የልጅቷን አልጋ ትንሿ ክፍል ውስጥ ሲገጥም ጸዳለ በር ላይ ቆማ፣ "እዚያ ጋ አይሁን" አለችው።

"ታዲያ የት?"

ዞር ዞር ብላ አየች። በአንደኛው ወገን መስኮት ነው፣ ከሥሩ ማሞቂያ አለ። በሌላው በር፣ በሌላው ቁም ሣጥን። አልጋ የሚያስጠጋ አንድ ግድግዳ ብቻ ነበር፤ ያው ከጎረቤት የሚለየው የብሎኬት ግድግዳ። ይገዙ መፍቻውን ይዞ መልሷን ይጠብቃል።

"እሺ፣ ግጠመው" አለች።